ኤሪስ፣ ፕሉቶና ሌሎቹ፦ የሩቆቹን ድንክ ፕላኔቶች መጠን ጎን ለጎን ስለመሳል

ጥያቄ፦ «በማስተምርበት ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የሳይንስ ክበብ አለን። ተማሪዎቹ ከኔፕቲዩን ማዶ ያሉትን ትልልቅ ድንክ ፕላኔቶች ግድግዳ ላይ ጎን ለጎን፣ መጠናቸውን ጠብቀው ሊስሉ ተነሥተዋል። ችግሩ ያገኘናቸው ሥዕሎች እርስ በርስ አይስማሙም። በአንዱ ኤሪስ ፕሉቶን ትበልጣለች፣ በሌላው ታንሳለች። ሴድና በአንዱ ፕሉቶን ልታክል ጥቂት ቀርቷታል፣ በሌላው ግማሿን እንኳ አትሞላም። የትኛውን ይዘን እንሳል? በቴሌስኮፕ አይተን መጠናቸውን ራሳችን ማነጻጸር እንችል ይሆን?»

ምላሽ፦

መምህር፣ ሰላም ለእርስዎና ለተማሪዎችዎ።

አጭሩን መልስ ላስቀድም። በዲያሜትር ፕሉቶ ትበልጣለች፤ ልዩነቱ ግን 50 ኪሎ ሜትር ገደማ ብቻ ነው። በመጠነ ቁስ ደግሞ ኤሪስ ፕሉቶን 27 በመቶ ያህል ትበልጣታለች። ሴድና የፕሉቶን ግማሽ አትሞላም። ሥዕሎቹ ያልተስማሙት የተሠሩበት ዓመት ስለሚለያይ ነው። በ2005 ወይም በ2006 የተሠራ ሥዕል ዛሬም እየተቀዳ ይዞራል፤ ቁጥሩ ግን ካረጀ ቆይቷል። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) በቴሌስኮፕ አይቶ ማነጻጸሩ ግን አይቻልም። ቁጥሮቹ በየጊዜው ሲለዋወጡ የኖሩትም በዚሁ ምክንያት ስለሆነ ከእሱ ልነሣ።

ፕሉቶ በአሁኑ ጊዜ ከፀሐይ ያለችበት ርቀት የመሬትና የፀሐይ ርቀት 35 እጥፍ ገደማ ነው። ከዚያ ርቀት 2,377 ኪሎ ሜትር የሆነው ዲያሜትሯ ለእኛ የሚታየን አንድ አሥረኛ አርክ ሰከንድ በማይሞላ ስፋት ነው። አንድ ዲግሪ 3,600 አርክ ሰከንድ ነው፤ ጨረቃ ደግሞ ግማሽ ዲግሪ ያህል ትሰፋለች። ስለዚህ ፕሉቶ በሰማይ ላይ ከጨረቃ ወደ 20,000 ጊዜ ትጠባለች ማለት ነው። የመሬት ከባቢ አየር በጥሩ ሌሊት እንኳ የማንኛውንም ኮከብ ምስል ወደ አንድ አርክ ሰከንድ ስለሚያሰፋው፣ ፕሉቶ በዚያ ብዥታ ውስጥ ከአሥር ጊዜ በላይ ትጠፋለች። ጨለማ ሰማይ ላይ 25 ወይም 30 ሳንቲ ሜትር ስፋት ባለው ቴሌስኮፕ ፕሉቶን ራሷን ማየት ይቻላል፤ የሚታየው ግን ከጎኗ ካሉት ደካማ ኮከቦች በምንም የማይለይ ነጥብ ነው። ኤሪስ ደግሞ 96 እጥፍ ርቀት ላይ ስላለች ስፋቷ ከአርክ ሰከንድ አንድ ሠላሳኛ ገደማ ነው። ከከባቢ አየር በላይ ያለው የሀብል ቴሌስኮፕ እንኳ ሲያነሣት ምስሏ የሞላው ፒክሴል ተኩል ያህል ብቻ ነበር።

ስለዚህ የሚለካው ስፋት ሳይሆን ድምቀት ነው፤ ከድምቀት ወደ ስፋት ለመሄድ ደግሞ አንድ ያልታወቀ ነገር መሐል ይገባል። እነዚህ አካላት የራሳቸው ብርሃን የላቸውም፤ የፀሐይን ያንጸባርቃሉ። ብርሃኑ ወደ እነሱ ሲሄድ በርቀቱ ካሬ ይደክማል፣ ወደ እኛ ሲመለስም እንደገና በርቀቱ ካሬ ይደክማል። ርቀቱ እጥፍ ሲሆን ድምቀቱ ወደ አንድ አሥራ ስድስተኛ ይወርዳል ማለት ነው። ርቀቱን ከምሕዋሩ በትክክል እናውቀዋለን፤ እሱ አያስቸግርም። የሚያስቸግረው አልቤዶ የሚባለው ነው፤ የአካሉ ገጽ ከሚደርሰው ብርሃን ምን ያህሉን እንደሚመልስ የሚናገረው ቁጥር። ድምቀቱ የገጹ ስፋትና የአልቤዶ ብዜት ስለሆነ፣ ከብዜቱ ብቻ ሁለቱን ለይቶ ማውጣት አይቻልም። 64 በመቶ የሚመልስ 1,000 ኪሎ ሜትር ኳስና 4 በመቶ ብቻ የሚመልስ 4,000 ኪሎ ሜትር ኳስ እኩል ርቀት ላይ ቢቀመጡ እኩል ይደምቃሉ። አንዱ ከጨረቃችን ሲተልቅ ሌላው ሲሶዋን እንኳ አያክልም፤ በቴሌስኮፕ ግን ያው አንድ ዓይነት ነጥብ ናቸው።

ይህን ተማሪዎቹ በቃል ከሚሰሙ በዓይናቸው እንዲያዩት እመክራለሁ፤ እሱ ደግሞ ይቻላል። በማርስና በጁፒተር መካከል ያሉትን ሴሬስንና ቬስታን ፈልጉ። በየዓመቱ የት እንደሚገኙ ማንኛውም የሰማይ ካርታ ፕሮግራም ያሳያችኋል፤ ተራ ባይኖኩላር ይበቃል፣ ክረምቱ አልፎ ሰማዩ እስኪጠራ መጠበቅ ነው እንጂ። ሴሬስ 940 ኪሎ ሜትር ገደማ ናት፣ ቬስታ 525። ለመሬት በሚቀርቡበት ጊዜ ግን የምትደምቀው ቬስታ ናት፤ በጣም ጨለማ በሆነ ቦታ አልፎ አልፎ ያለ መሣሪያ እስከመታየት ትደርሳለች፤ ሴሬስ ግን እዚያ ደረጃ አትደርስም። የቬስታ ገጽ ከሚደርሰው ብርሃን 40 በመቶ ያህሉን ይመልሳል፣ የሴሬስ ከ10 በመቶ በታች። ቬስታ በመጠኑ ለፀሐይም ለእኛም መቅረቧ ያግዛታል፤ ዋናው ምክንያት ግን ገጿ ነው። ተማሪዎቹ የሁለቱን ድምቀት በአቅራቢያቸው ካሉ ኮከቦች ጋር እያስተያዩ ይመዝግቡና፣ «የትኛዋ ትበልጣለች?» ብላችሁ ጠይቋቸው። ቁጥሩን ሳያዩ ከጠየቃችኋቸው አብዛኛው ይሳሳታል ብዬ እገምታለሁ፤ ባለሙያዎችም ከኔፕቲዩን ማዶ ለብዙ ዓመታት የተሳሳቱት በዚሁ መንገድ ነው።

ፕሉቶን ተመልከቱ። በ1930 ክላይድ ቶምባው አሪዞና በሚገኘው የሎዌል ታዛቢ ጣቢያ ሲያገኛት የምትፈለገው መሬትን በብዙ እጥፍ የምትበልጥ ፕላኔት ነበረች። የተገኘችው ነጥብ ግን ለዚያ በጣም ደካማ ስለነበረች ግምቱ ወደ መሬት መጠን ወረደ፤ ከዚያም በየአሥር ዓመቱ እየቀነሰ ሄደ። በ1976 ገጿ ላይ የሚቴን በረዶ መኖሩ ታወቀ። በረዶ ብዙ ብርሃን ይመልሳል፤ ብዙ ከመለሰች ደግሞ ለታየው ድምቀት ትንሽ ስፋት ይበቃታል ማለት ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ጄምስ ክሪስቲ የፕሉቶን ጨረቃ ካሮንን አገኘ፤ ከጨረቃዋ ዙረት የተሰላው መጠነ ቁስ የመሬትን አንድ አራት መቶ ሃምሳኛ ገደማ ብቻ ሆነ። ያኔ ባለሙያዎች ራሳቸው «በዚህ አያያዟ በቅርቡ ጭራሽ ትጠፋለች» እያሉ ይቀልዱ ነበር። ከ1985 እስከ 1990 ፕሉቶና ካሮን በተራ እየተጋረዱ ሲያልፉ የሁለቱም ስፋት ጠበብ ባለ ክልል ውስጥ ገባ። የመጨረሻው ቁጥር የመጣው ግን ሐምሌ 2015 ኒው ሆራይዘንስ የተባለው መንኮራኩር አጠገቧ ሲያልፍ ነው፤ ካሜራው የኳሷን ጠርዝ በቀጥታ ለካ፦ 2,377 ኪሎ ሜትር፣ ስህተቱ ከሦስት ኪሎ ሜትር ብዙም አይበልጥም።

ኤሪስ ላይ ደግሞ ይኸው ታሪክ በአጭር ጊዜ ተደገመ። ማይክ ብራውን፣ ቻድ ትሩሂዮና ዴቪድ ራቢኖዊትዝ በ2005 ሲያገኟት፣ በዚያ ሁሉ ርቀት ላይ ሆና ያን ያህል መድመቋ ብቻ ከፕሉቶ አታንስም የሚያሰኝ ነበር። የሚመጣውን ብርሃን ሁሉ መቶ በመቶ ብትመልስ እንኳ የፕሉቶን ያህል ስፋት ያስፈልጋት ነበርና። አልቤዶውን ለማወቅ ሙቀት መለካት ነበረበት። ጥቁር ገጽ ብርሃኑን ውጦ ይሞቃል፣ ሙቀቱንም በኢንፍራሬድና ከዚያ በረዘመ ሞገድ መልሶ ይለቃል፤ ነጭ ገጽ ደግሞ ብርሃኑን መልሶ ራሱ ይቀዘቅዛል። ስለዚህ የሚታየውን ብርሃንና የሙቀቱን ጨረር አንድ ላይ ከያዝክ ስፋቱና አልቤዶው ይለያያሉ። ስፔን ባለ ባለ 30 ሜትር የራዲዮ ቴሌስኮፕ ተለክታ በ2006 የወጣው ውጤት 3,000 ኪሎ ሜትር ገደማ አላት፤ በዚያው ዓመት የሀብል ምስል 2,400 አላት፣ መቶ ከፍ ወይም ዝቅ። በየትምህርት ቤቱ ግድግዳ የተለጠፈችው፣ ፕሉቶን አስንቃ የተሳለችው ኤሪስ ከነዚህ ቁጥሮች የመጣች ናት። የዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት በነሐሴ 2006 ፕሉቶን ከፕላኔቶች መዝገብ ያወጣውም እነዚህ ቁጥሮች በሚነበቡበት ወቅት ነበር።

ክርክሩን የቆረጠው ከሙቀትም ከካሜራም የተለየ ዘዴ ነው፦ የኮከብ ግርዶሽ። ለእኔ በዚህ ሙያ ከዚህ የሚያምር ነገር የለም። ሩቅ ያለ አካል በሰማይ ሲጓዝ አንዳንዴ አንድ ኮከብ ፊት ለፊት ያልፋል። ኮከቡ እጅግ ሩቅ ስለሆነ ብርሃኑ ወደ እኛ የሚመጣው ትይዩ ሆኖ ነው፤ አካሉ መሬት ላይ የሚጥለው ጥላ የራሱን ያህል ስፋትና የራሱን ቅርጽ ይይዛል። ጥላው በሰከንድ 25 ኪሎ ሜትር የሚጓዝ ቢሆንና ኮከቡ እርስዎ ካሉበት ቦታ ለ40 ሰከንድ ቢጠፋ፣ በእርስዎ አናት ላይ ያለፈው የጥላ ክፍል 1,000 ኪሎ ሜትር ይረዝማል። ሌላ ሰው ወደ ሰሜን ወይም ወደ ደቡብ ራቅ ብሎ ሌላ መስመር ይለካል፤ መስመሮቹ ሲደረደሩ ቅርጹ ይወጣል። አርክ ሰከንድም ፒክሴልም አያስፈልግም፤ የሚፈለገው ትክክለኛ ሰዓትና በትክክለኛው ቦታ መገኘት ነው። ኅዳር 6 ቀን 2010 በአውሮፓ አቆጣጠር ኤሪስ አንድ ደካማ ኮከብ ስትጋርድ በብዙ ቦታ ተጠብቃ የተያዘችው ቺሊ ውስጥ ከሁለት ቦታዎች ብቻ ነበር፤ ከላ ሲያና ከሳን ፔድሮ ዴ አታካማ። ከዚያ የወጣው ዲያሜትር 2,326 ኪሎ ሜትር ነው፣ ስህተቱ 12። አልቤዶዋ 96 በመቶ ሆኖ ተገኘ፤ አዲስ ከወረደ አመዳይ የነጣች ናት። ምናልባት ከፀሐይ ስትርቅ ከባቢ አየሯ በርዶ ገጿ ላይ ስለተነጠፈ ይሆናል ተብሎ ይገመታል።

እዚህ ጋ አንድ የሚያስገርም ነገር አለ። ከ2011 እስከ 2015 ድረስ ያስቸገረችው ቅርቧ ፕሉቶ ነበረች። ፕሉቶ ስስ ከባቢ አየር አላት። ኮከብ ስትጋርድ ብርሃኑ እንደ ኤሪስ በአንዴ አይቆረጥም፤ በአየሩ እየታጠፈ ቀስ ብሎ ይከስማል። ስለዚህ ድፍኑ መሬት የት እንደሚጀምር በኪሎ ሜትሮች ደረጃ መለየት አይቻልም ነበር። ሦስት እጥፍ ያህል የራቀችውን ኤሪስን በ12 ኪሎ ሜትር ስህተት እያወቅን፣ ለሰማንያ ዓመት የምናውቃትን ፕሉቶን በዚያ ልክ አናውቃትም ነበር፤ የትኛዋ እንደምትበልጥም በእርግጠኝነት መናገር አልተቻለም። መንኮራኩሩ እስኪደርስ መጠበቅ ግድ ሆነ።

ዛሬ የኮከቦችን ቦታ ጋያ የተባለው የአውሮፓ ሳተላይት በጣም አጥርቶ ስላስቀመጠልን የጥላውን መንገድ አስቀድሞ ማወቅ ቀሏል። ጃንዋሪ 2017 ሃውሜያ የተባለችው ድንክ ፕላኔት አውሮፓ ላይ ጥላዋን ስትጥል አሥር ታዛቢ ጣቢያዎች ይዘዋታል፤ በዚያው አጋጣሚ ቀለበት እንዳላትም ታወቀ። ኒው ሆራይዘንስ ከፕሉቶ ማዶ ወዳለችው ትንሽ አካል ወደ አሮኮት ከመድረሱ በፊትም ቡድኑ በ2018 ሴኔጋል ድረስ ሄዶ ጥላዋን አድኗል። እንጦጦ ያሉት ሁለት ባለ አንድ ሜትር ቴሌስኮፖች ለዚህ ሥራ ከበቂ በላይ ናቸው፤ ጥላው በእኛ በኩል ያለፈ ዕለት ከምስራቅ አፍሪካ የሚገኝ አንድ መስመር እንኳ ዋጋው ትልቅ ነው። ለክበባችሁ ጉብኝት የምታቅዱ ከሆነ ይህን ጥያቄ ይዛችሁ ሂዱ።

ሴድናን ባጭሩ ልለፋት። በ2004 ስትታወጅ «ቢበዛ 1,800 ኪሎ ሜትር» ተባለ፤ ጋዜጠኛው «ቢበዛ» የምትለዋን ቃል ጣላት፣ ሠዓሊውም ተከተለው። በ2012 የወጣው የኸርሼል የጠፈር ቴሌስኮፕ የኢንፍራሬድ ልኬት 1,000 ኪሎ ሜትር ገደማ አድርጓታል፣ 80 ከፍ ወይም ዝቅ። ያያችሁት አሮጌ ሥዕል የሴድናን ፊት ከሚገባው በላይ ከሦስት እጥፍ ያላነሰ አስፍቶታል።

አሁን ወደ ግድግዳው። አንድ ሳንቲ ሜትር ለ50 ኪሎ ሜትር ብትይዙ ጥሩ ይሆናል። ፕሉቶ 47.5 ሳንቲ ሜትር ትሆናለች፣ ኤሪስ 46.5። የሁለቱ ጭቅጭቅ ሁሉ ግድግዳችሁ ላይ አንድ ሳንቲ ሜትር ነው፤ ጎን ለጎን ካልተሳሉ ዓይን አይለየውም። ጨረቃችንን ለማመሳከሪያ ጨምሯት፣ 69.5 ይሆናል። ማኬማኬ 28.6 ገደማ፣ ጎንግጎንግ 24.6፣ ካሮን 24.2፣ ኳዋር 22፣ ሴድና 20፣ ሴሬስ 18.8፣ ኦርከስ 18። መሬት ከተጨመረች 2 ሜትር ከ55 ስለምትሆን ሙሉ ኳስ ከመሳል ጠርዟን እንደ ቅስት ከታች አሳልፉ። ክቦቹን ለመሳል ምስማርና ሲባጎ ይበቃል፤ ሲባጎው የዲያሜትሩ ግማሽ መሆኑን ግን አደራ፣ ተማሪዎች እዚህ ላይ በጣም ይሳሳታሉ። ሁሉም ያለ ክፍተት ሲደረደሩ ከሦስት ሜትር በላይ ይወስዳሉ፤ ግድግዳው ካነሰ አንድ ሳንቲ ሜትር ለ100 ኪሎ ሜትር አድርጉት። ከዚያ በላይ ማሳነስ ግን አልወድም፤ ልዩነቶቹ ከጠመኔው መስመር ውፍረት ጋር መጋጨት ይጀምራሉ።

ሃውሜያን ሆን ብዬ አስቀርቻታለሁ፤ እሷ ክብ አይደለችም። በአራት ሰዓት ገደማ ውስጥ አንድ ጊዜ በራሷ ዙሪያ ስለምትሽከረከር ተለጥጣ ረዝማለች፦ በአንድ አቅጣጫ 2,322፣ በሌላው 1,704፣ በሦስተኛው 1,026 ኪሎ ሜትር። ርዝመቷን ብቻ ይዞ ለሚስል ሰው ከኤሪስ እኩል ናት፤ 46.4 ሳንቲ ሜትር። ያን ይዘት ጠቅልሎ ኳስ ላደረገ ሰው ግን 1,600 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ 32 ሳንቲ ሜትር ትሆናለች። እኔ ብሆን ሁለት ጊዜ እስላታለሁ፤ አንዱን በጎኗ፣ 46.4 በ20.5፣ ሌላውን ከጫፏ ስትታይ፣ 34 በ20.5። ቀለበቷንም ብትፈልጉ ከመሐሏ 45.7 ሳንቲ ሜትር ላይ ይዞራል፣ ስፋቱ ሳንቲ ሜትር ተኩል ገደማ ነው። ኳዋርም ቀለበት እንዳላት በ2023 ታውቋል፤ የእሷ ከመሐል 82 ሳንቲ ሜትር ያህል ስለሚርቅ ጎረቤቶቿን ይውጣቸዋል። እሱን ብተዉት ይሻላል።

ከሥዕሉ ሥር የምን ንጽጽር እንደሆነ መጻፍ አትርሱ። ፕሉቶ ኳዋርን በዲያሜትር ከሁለት እጥፍ በጥቂት ትበልጣለች። ግድግዳ ላይ ሲያዩት ግን ዓይን የሚያወዳድረው የክቡን ስፋት ነው፤ እሱ አምስት እጥፍ ገደማ ነው። ስለ ይዘት ከተነሣ አሥር እጥፍ ነው። ሦስቱም ትክክል ናቸው። አንዳንድ ሥዕሎች ይበልጥ የሚያሳስቱት ዲያሜትር መጻፍ ሲገባቸው ስፋትን ወይም ይዘትን ሳይናገሩ ስለሚጠቀሙ ነው። የጨረቃና የፕሉቶም እንዲሁ ነው፤ በዲያሜትር ሁለት ሦስተኛ፣ በይዘት ግን አንድ ሦስተኛ። ኤሪስ አንሳ ሳለ መክበዷን ደግሞ በክብ መጠን ማሳየት አይቻልም። እፍጋቷ ከፕሉቶ ስለሚበልጥ ውስጧ ከበረዶ ይልቅ ዐለት ይበዛበታል፤ ይህን ከሥሯ በጽሑፍ ብቻ ግለጹት።

ከሁሉ በላይ ግን የምለምናችሁ የስህተቱን ክልል እንድትስሉት ነው። የፕሉቶ ስህተት በእናንተ ሚዛን ከአንድ ሚሊ ሜትር በታች ስለሆነ ጠርዟን በወፍራምና በእርግጠኛ መስመር ሳሉት። የኤሪስ ሁለት ሚሊ ሜትር ተኩል ገደማ ነው። ጎንግጎንግ ግን አንድ ሳንቲ ሜትር ወዲያና ወዲህ ትላለች፤ ስለዚህ ከካሮን ትበልጥ ወይም ታንስ እንደሆነ ለመማል አልደፍርም። የሴድና ስህተት ከሳንቲ ሜትር ተኩል ያልፋል። ለነዚህ ሁለት የነጠብጣብ ክቦችን ሳሉ፤ አንዱ ትንሹ ሊሆን የሚችለው፣ ሌላው ትልቁ። አብዛኞቹ የሚዞሩ ሥዕሎች ሁሉንም በአንድ ዓይነት የጠራ ጠርዝ ስለሚስሏቸው፣ መንኮራኩር የጎበኛትና ከአንዲት የሙቀት ነጥብ የተገመተችው እኩል የታወቁ ይመስላሉ።

የገጽ ቀለምም ላይ ያው ነው። ከመሬትና ከጨረቃችን ሌላ በቅርበት ፎቶ ያላቸው ፕሉቶ፣ ካሮን፣ ሴሬስ፣ እንዲሁም ከታች የማነሣቸው ትራይተንና አሮኮት ብቻ ናቸው። ኤሪስ ላይ የምታዩት ጉድጓድና ስንጥቅ፣ ሴድና ላይ ያለው ያ ደም የመሰለ ቅላት ሁሉ የሠዓሊ ፈጠራ ነው፤ በእውነቱ ያናድደኛል። ከብርሃናቸው ትንተና የምናውቀው ጥቅል ቀለማቸውን ብቻ ነው፦ ሴድና፣ ጎንግጎንግና ኳዋር ወደ ቀይ ያደላሉ፤ ኤሪስና ሃውሜያ ነጣ ያሉ ናቸው። ስለዚህ ፎቶ ያላቸውን በፎቶው ሙሉ፣ ሌሎቹን በአንድ ወጥ ቀለም። ከቻላችሁ የንጣቱን መጠን በአልቤዶ ልክ አድርጉት፤ ኤሪስ የወረቀት ያህል ነጭ፣ ጎንግጎንግና ኳዋር ከ12 እስከ 14 በመቶ ስለሚመልሱ የከሰል ዘመድ ይሁኑ። ያን ጊዜ ነጥቦቹ ለምን እንዳሳሳቱን ግድግዳው ራሱ ይናገራል።

ሁለት አካላት እንድትጨምሩ እመክራለሁ። አንደኛዋ የኔፕቲዩን ጨረቃ ትራይተን ናት፤ 2,707 ኪሎ ሜትር፣ በእናንተ ሚዛን 54 ሳንቲ ሜትር። ኔፕቲዩንን የምትዞረው ከፕላኔቷ ሽክርክሪት በተቃራኒ ስለሆነ፣ ከነፕሉቶ ሠፈር የተማረከች እንደሆነች ይታመናል። ድንክ ፕላኔት ባለመባሏ ከነዚህ ሥዕሎች ሁሉ ትቀራለች፤ የቤተሰቡ ትልቋ ግን ሳትሆን አትቀርም። ሁለተኛዋ አሮኮት ናት፤ ርዝመቷ 36 ኪሎ ሜትር፣ ግድግዳው ላይ ሰባት ሚሊ ሜትር። ከኔፕቲዩን ማዶ ባለው የበረዷማ አካላት ክልል፣ በካይፐር ቀበቶ፣ የሚበዙት እንደሷ ያሉ ናቸው፤ ግዙፎቹ ጥቂት መሆናቸውን በእሷ ማሳየት ይቻላል።

ርቀትን ግን በዚህ ሚዛን ለመሳል አትሞክሩ፤ በቃል ንገሯቸው። ትምህርት ቤቱ አዲስ አበባ ነው ብንልና ፀሐይን ግቢው ውስጥ ብናስቀምጥ፣ 280 ሜትር ያህል የምትሰፋ ኳስ ትሆናለች። መሬት 30 ኪሎ ሜትር ርቃ ትቀመጣለች፣ ፕሉቶ በናይሮቢ አቅጣጫ ልትደርስ ስትቃረብ፣ ኤሪስ በሰሜን በኩል ካይሮን አልፋ ሜዲትራንያን ባሕር ላይ። እዚያ ያለ 46 ሳንቲ ሜትር ተኩል ኳስ ነው በፒክሴል ተኩል ፎቶ የተነሣው።

ካሮን ብቻ ከርቀቷ ጋር ልትሳል ትችላለች። ከፕሉቶ 19,600 ኪሎ ሜትር ገደማ ስለምትርቅ በእናንተ ሚዛን 3 ሜትር ከ90 ይሆናል። ከግድግዳው ቀጥሎ ኮሪደር ካለ እዚያ ስቀሏት፤ ከሌለ ከሌሎቹ ጋር በተራዋ ትቀመጥና ርቀቱን ከሥሯ በቁጥር ጻፉት።